መኪናችሁ በገቢዎች ወይም በጉምሩክ ተያዘ? የትኛው በር እንደሚንኳኳ

ከጣራ ገዳም ግርጌ አዲስ ዘመንን አቋርጦ የሚያልፈው መንገድ ጎንደርን ከባሕር ዳር ያገናኛል። ወረታ ላይ ከታጠፋችሁ ደግሞ በደብረ ታቦርና በጋይንት አድርጎ ወልድያ ያደርሳል። በዚህ መስመር በአይሱዙና በሚኒባስ የሚተዳደር ብዙ ቤተሰብ አለ። አንድ መኪና ሲያዝ ሹፌሩም፣ ረዳቱም፣ የባንክ ዕዳ ያለበት ባለንብረቱም አብረው ይቆማሉ።

መጀመሪያ መለየት ያለበት ማን እንደያዘው ነው። ሰው ሁሉንም «ገቢዎች ያዘብኝ» ይላል። አይፈረድበትም፤ እስከ 2011 ዓ.ም. ግብርና ጉምሩክ አንድ መሥሪያ ቤት ነበሩ። አሁን ግን የገቢዎች ሚኒስቴርና የጉምሩክ ኮሚሽን የተለያዩ ናቸው፣ መንገዳቸውም ይለያያል።

ከግብር ዕዳ እንጀምር። በፌዴራሉ የታክስ አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 983/2008 መሠረት ገቢዎች ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ ንብረት መያዝ ይችላል። ብዙ ሰው ይሄን ሲሰማ ይደነግጣል። ይሁን እንጂ አስቀድሞ በጽሑፍ ማስጠንቀቅና ለመክፈያ 30 ቀን መስጠት አለበት። ሌላ አበዳሪ ቀድሞ በዋስትና የያዘውን ንብረትም አዋጁ ከመያዝ ያስቀረዋል። ስለዚህ መኪናው በብድር የተገዛና ሊብሬው ባንክ ከሆነ ባንኩ ዛሬውኑ ይወቅ።

የግብር ውሳኔውን የምትቃወሙ ከሆነ፣ ውሳኔው በደረሳችሁ በ21 ቀን ውስጥ ቅሬታችሁን ለዚያው መሥሪያ ቤት ታስገባላችሁ። በመልሱ ካልተስማማችሁ በ30 ቀን ውስጥ ለታክስ ይግባኝ ኮሚሽን፣ ከዚያ ደግሞ በ30 ቀን ውስጥ ለፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ይግባኝ ማለት ይቻላል። ግን በየበሩ ክፍያ አለ፦ ለኮሚሽኑ ክርክር ካለበት ግብር 50 በመቶ፣ ለፍርድ ቤቱ 75 በመቶ። እኛ እንደምናየው ትልቁ ግድግዳ ይሄ ነው። መኪናው ቆሞ ገንዘቡ ከየት ይምጣ? ሌላም አለ፤ ፍርድ ቤቱ የሚያየው የሕግ ስህተትን ብቻ ነው። ስለዚህ ደረሰኝም ሆነ ምስክር ኮሚሽኑ ጋ እያላችሁ አቅርባችሁ ጨርሱ። ግብር የምትከፍሉት ለክልሉ ከሆነ አማራ ክልል የራሱ የታክስ አስተዳደር አዋጅ ስላለው ቀኖቹን ከዚያ ላይ አረጋግጡ።

ጉምሩክ ሌላ ነው። ኮንትሮባንድ ጭኗል ተብሎ የተያዘ መኪና የሚዳኘው በጉምሩክ አዋጅ ቁጥር 859/2006ና በማሻሻያው 1160/2011 ነው። የወንጀል ክስ ከተመሠረተ መኪናው ኤግዚቢት ሆኖ ይቆማል፤ ዕጣውም ከክሱ ጋር ይታያል። ከባዱ ክርክር የሚነሳው «ሹፌሩ ምን እንደጫነ አላውቅም» በሚል ባለንብረት ላይ ነው። ይሄ የእኛ አገር ጣጣ ብቻ እንዳይመስላችሁ። እ.ኤ.አ. በ1987 ለንደን ሄትሮው ላይ የኤር ካናዳ አውሮፕላን ከ300 ኪሎ በላይ ሐሺሽ ተገኝቶበት በጉምሩክ ተያዘ፤ የተለቀቀው 50,000 ፓውንድ ተከፍሎ ነው። ኩባንያው እስከ አውሮፓ የሰብዓዊ መብቶች ፍርድ ቤት ድረስ ሄዶ በ1995 በ5 ለ4 ድምፅ ተረታ። አንድ ዳኛ ቢለወጥ ኖሮ ውጤቱ ይገለበጥ ነበር።

የፌዴራል ጉዳይ ስለሆነ የግድ አዲስ አበባ መሄድ አለብን የምትሉ አላችሁ። ሁልጊዜ አይደለም። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 80 የክልል ከፍተኛ ፍርድ ቤት የፌዴራል መጀመሪያ ደረጃን፣ የክልል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደግሞ የፌዴራል ከፍተኛን ሥልጣን በውክልና ይሠራሉ። ለደቡብ ጎንደር ሰው ይህ ማለት እንደ ጉዳዩ ክብደት ደብረ ታቦር ወይም ባሕር ዳር ነው።

ክስም ሳይኖር፣ ውሳኔም ሳይሰጥ መኪናው ዝም ብሎ ግቢ ውስጥ ከቆመስ? የፌዴራል አስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 የመንግሥት ተቋም ውሳኔውን በጽሑፍና ከነምክንያቱ እንዲሰጥ ያስገድዳል፤ ፍርድ ቤትም ውሳኔውን እንዲከልስ በር ይከፍታል። ቅድመ ሁኔታው መጀመሪያ የተቋሙን የራሱን የቅሬታ መንገድ መጨረስ ነው። በቃል «ነገ ና» ከተባላችሁ አቤቱታችሁን በጽሑፍ አስገቡና ኮፒው ላይ ማህተምና ቀን አስመቱ። ቀን የሚቆጠረው ከወረቀት ነው።

መኪናው በጨረታ ሊሸጥ ነው ከተባለ ደግሞ፣ ፍርድ ቤት ከያዘው ክርክር ጋር የእግድ ማመልከቻ ማቅረብ ይቻላል፤ መነሻው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 154 ነው።

ሲያዝ ደግሞ ስልካችሁን አውጡ። የሞተርና የሻንሲ ቁጥሩን፣ ጎማውን ከነስኮርታው፣ ባትሪውን፣ የተነዳበትን ኪሎ ሜትር ፎቶ አንሱ፤ የርክክብ ዝርዝር ላይም አስፈርሙ። ከወራት በኋላ ይለቀቅ ሲባል ጎማ ጎድሎ ከተገኘ የምትከራከሩት በዚህ ነው።