ቻይልድ ኦፍ ሬዚስታንስ (ፊልም)

በጎንደር በ1946 እ.ኤ.አ. የተወለዱት ኃይሌ ገሪማ፣ በሎስ አንጀለስ የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ተማሪ ሳሉ በ1972 እ.ኤ.አ. ያዘጋጁት የ36 ደቂቃ የሙከራ ፊልም፣ ማለትም የተለመደውን የትረካ አካሄድ ትቶ ሐሳቡን በምስልና በድምፅ ቅንብር የሚገልጽ ሥራ ነው። መነሻው፣ አዘጋጁ የጥቁሮች መብት ታጋይዋን አንጄላ ዴቪስን በካቴና ታስረው በቴሌቪዥን ከተመለከቱ በኋላ ያዩት ሕልም ነው። ባርባራ ኦ. ጆንስ የተወኑት ዋና ገጸ ባሕርይ ለፍትሕ በመታገሏ የታሰረች ሴት ስትሆን፣ ፊልሙ የጊዜንና የቦታን ቅደም ተከተል እያፈረሰ በእስር ቤቷና በምናቧ መካከል ይመላለሳል።

የፊልሙ ትልቁ ብቃት ጥቃትን የደም ትርኢት አለማድረጉ ነው፤ ሥርዓት በሰው ላይ የሚፈጽመውን ግፍ ከውጭ ከመቅረጽ ይልቅ በተበዳይዋ ሕልምና ለወገኖቿ ባላት ሥጋት ውስጥ ስለሚያሳይ፣ ተመልካቹ በሌላው ሥቃይ የሚዝናና ታዛቢ ሆኖ እንዳይቀር ያደርገዋል፤ ይህም ጭካኔን በማብዛት ብቻ ለማስደንገጥ ከሚሞክሩ አጫጭር ፊልሞች እጅግ የላቀ መንገድ ነው። በኋላ በሠሩት «ቡሽ ማማ» በተሰኘው ረጅም ፊልማቸው መክፈቻ ላይ ኃይሌ ሌላ ዘዴ ተጠቅመዋል፤ በዚያ የሚታየው የፖሊስ ወከባ በቀረጻ ባልደረቦቹ ላይ በእውን የደረሰ ነው።