አሞርታይዜሽን

አሜሪካ ውስጥ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ወይም አሌክሳንድሪያ ቤት የገዛ ሐበሻ «ስንት ገዛኸው?» ሲባል የሚጠራው ለሻጩ የተከፈለውን ነው። እውነተኛው ዋጋ ያለው ግን አሞርታይዜሽን በሚባለው ሠንጠረዥ ውስጥ ነው፤ ከየወሩ ክፍያ ምን ያህሉ ለወለድ፣ ምን ያህሉ ለዋናው ብድር እንደሚሄድ የሚያሳይ ዝርዝር።

400,000 ዶላር በ7 በመቶ ቋሚ ወለድ ለ30 ዓመት የተበደረ ሰው በወር 2,661 ዶላር ይከፍላል። ከመጀመሪያው ክፍያ 2,333ቱን ወለድ ይወስደዋል፤ ዕዳው የሚቀንሰው በ328 ዶላር ብቻ ነው። ከዚያ የወለዱ ድርሻ ቀስ እያለ ይቀንሳል። በጣም ቀስ እያለ፦ ከክፍያው ከግማሽ በላዩ ለዋናው ብድር መዋል የሚጀምረው 20 ዓመት ካለፈ በኋላ ነው! መጨረሻ ላይ ወለዱ ብቻ 558,000 ዶላር ገደማ ይሆናል። የንብረት ግብርና ኢንሹራንስ ገና አልተቆጠሩም።

በዚያው ወለድ ለ15 ዓመት ቢሆን ወርሃዊው ክፍያ 3,595 ዶላር ይደርሳል፤ ጠቅላላ ወለዱ ግን ወደ 247,000 ይወርዳል።

አበዳሪው ይህን አይደብቅም፤ ሕጉም አይፈቅድለትም። ውሉ ከመፈረሙ ቢያንስ 3 የሥራ ቀን ቀደም ብሎ ለተበዳሪው የሚደርሰው ሰነድ ጠቅላላ ክፍያውን ይናገራል። የሚናገረው ግን 5ኛው ገጽ ላይ ነው፤ ወርሃዊው ክፍያ ደግሞ ገና ከመጀመሪያው ገጽ ይታያል።