የአዝማሪው ቃል ከአዝማሪው ጋር እንዳይቀበር

«እረኛ ምን አለ? አዝማሪ ምን አለ?» ብሎ መጠየቅ የአገራችን የቆየ ልማድ ነው። የሕዝቡን ልብ ማወቅ የፈለገ ሹም ሁሉ ጆሮውን የሚጥለው ወደዚያ ነበር።

ይህንን ጠላትም አላጣውም። የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. በግራዚያኒ ላይ ቦምብ ከተጣለ በኋላ አዲስ አበባ ላይ የወረደውን እልቂት ሁላችንም እናውቃለን። ከዚያ ቀጥሎ የመጣው ግን ብዙ አይነሳም። ወሬ ያዛምታሉ፣ ሕዝቡን ያነሳሳሉ ተብለው ጠንቋዮች፣ ትንቢት ተናጋሪዎችና እየዞሩ የሚያዜሙ አዝማሪዎች እየታደኑ እንዲረሸኑ ግራዚያኒ አዘዘ። በመጋቢት ወር ወደ ሮማ በላከው ቴሌግራም፣ እስከዚያች ቀን ድረስ 70 ሰዎች ተይዘው መገደላቸውን አስታወቀ።

እንግዲህ ልብ እንበል። ገዳዩ ቁጥሩን ጽፎ አኖረ። ስማቸውስ? ማሲንቆውን ማን አስተማራቸው? በዚያ ሰሞን ምን ብለው ነበር የተገጠመባቸውን የፈሩት? ቴሌግራሙ ይህን አይነግረንም። ይህ ያለው በልጅ፣ በጎረቤትና በደቀ መዝሙር አፍ ነው፤ ያም ትውልድ አልቆ ሊያልቅ ነው።

«ዘፈናቸው ካለ ይበቃል» የሚል አይጠፋም። ኧረ አይበቃም! ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ በ1900 ዓ.ም. ገደማ ዐፄ ምኒልክ የመኪና ሙያ እንዲማሩ ጀርመን ልከዋቸው፣ እዚያው ድምፃቸውን በሸክላ አስቀርጸዋል። ድምፁ ይኸው ዛሬም ይሰማል። ነገር ግን ግጥማችን ሰምና ወርቅ ነው፤ ሸክላ ቃሉን እንጂ የተባለበትን ምክንያት አይቀርጽም። ማን ተነካ? ማን ሳቀ? ማን ተቆጣ? ይህንን የሚነግረን ሰው ሲያልፍ ሰሙ በእጃችን ይቀራል፣ ወርቁ ይቀበራል።

በ2004 ዓ.ም. መባቻ ያረፈችውን አስናቀች ወርቁን እናስታውስ። የክራሯን ድምፅ ካሴቱ ይዞልናል። ሴት ልጅ መድረክ መውጣቷ እንደ ነውር በሚታይበት ዘመን ተዋናይ መሆን ምን ያስከፍል እንደነበረ ግን ካሴት አይናገርም። «አስኒ» የተባለው ዘጋቢ ፊልም ዋጋው እዚህ ላይ ነው፦ ሕይወቷን በራሷ አንደበት አስቀርቶልናል።

«ሽማግሌ ይረሳል፣ ያጋንናል» ይባላል። እውነት ነው፤ ወረቀትም ይዋሻል እኮ! የግራዚያኒን ቴሌግራም የጻፈው ማን ሆነና? መፍትሔው ማመሳከር ነው። ዓመተ ምሕረቱ ቢጠፋቸው «ጠላት ከመግባቱ በፊት ነው ወይስ ከወጣ በኋላ?» ብሎ መጠየቅ፤ የአንዱን ቃል ከሌላው፣ የሁለቱንም ከጽሑፉ ጋር ማስተያየት ነው።

ዛሬ መቅረጫው በየኪሳችን ነው። በየሰፈራችን ማሲንቆ ያስቀመጡ፣ ከመድረክ የወረዱ አባቶችና እናቶች አሉ። ፈቃዳቸውን ጠይቀን፣ ስማቸውን፣ ቀኑንና ቦታውን መዝግበን፣ እንደ አመጣላቸው እንዲያወጉ ብንተዋቸው፣ የቀረጽነውንም አንድ ግልባጭ ለቤተሰባቸው ሌላውን ለቤተ መጻሕፍታችን ብንሰጥ ምን ይከብደናል? ሰባዎቹን የጠየቀ አልነበረም። እነዚህን ሳንጠይቅ ከቀረን ግን በግራዚያኒ ማሳበብ አንችልም።