ባለዕዳው ራሱ ዳኛ ሲሆን

ወጣት አንባቢ ሆይ፥ ስለ ፍትሕ በተነገረ ጊዜ አሳባችን ወዲያው ወደ ወንጀልና ወደ ወህኒ ቤት ይሄዳል። ዛሬ የምናወራው ግን ስለ ድልድይ፥ ስለ ጠጠርና ስለ ገንዘብ ነው፤ ይኸውም ለመንግሥት ሥራ ሠርቶ ዋጋው የተያዘበት ሰው አቤት የሚለው ለማን ነው? የሚለው ነገር ነው።

ኢሉባቦርን እንመልከት። የጥንት ዋና ከተማዋ ጎሬ ነበረች፤ ኋላ መዲናነቱ ወደ መቱ ዞረ። በ1894 ዓ.ም. በተደረገው ውል መሠረት ጋምቤላ የንግድ ጣቢያ ስትሆን፥ የአገሩ ቡና በበቅሎና በሰው ሸክም ወደ ባሮ እየወረደ፥ ክረምት ወንዙን ሲሞላው በመርከብ ወደ ሱዳን ይጫን ነበር። በዚያ ዘመን ነጋድራስ የሚባለው ሹም ሁለት ሥራ ነበረው፤ ቀረጥ ይሰበስባል፥ በነጋዴዎችም መካከል ይፈርዳል። ሁለት ነጋዴዎች እርስ በርሳቸው ሲካሰሱ ይህ መልካም ነው፤ ገበያውን ከርሱ የበለጠ የሚያውቅ ዳኛ ከየት ይገኛል? ክርክሩ ስለ ቀረጡ ራሱ የሆነ እንደ ሆነ ግን፥ ገንዘቡን የተቀበለው እጅና ፍርዱን የሚናገረው አፍ የአንድ ሰው ሆኑ ማለት ነው።

አባቶቻችን «ሰማይ አይታረስ፥ ንጉሥ አይከሰስ» ይሉ ነበር። በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥትም ንጉሠ ነገሥቱ እንዳይከሰሱ አጽንቶ፥ መንግሥትንና መሥሪያ ቤቶቹን ግን በደል ያደረሱ እንደ ሆነ በፍርድ ቤት መክሰስን ፈቀደ። ይህ ትልቅ እርምጃ ነበር። ዳሩ ግን ክሱ በተንኮል ወይም ያለ መሠረት የቀረበ መሆኑ ከታወቀ፥ ከሳሹ መልሶ ሊከሰስ እንደሚችል በዚያው አንቀጽ ተጽፎ ነበር። ስለዚህ አንዳንዱ ሰው ከችሎት ይልቅ ደጅ መጥናትን ቢመርጥ አያስደንቅም።

ጊዜው የመንገድ ሥራ የተስፋፋበት ነበር። በ1943 ዓ.ም. የአውራ ጎዳና ባለ ሥልጣን ተቋቋመ፤ የዓለም ባንክም ለመንገዱ 5 ሚሊዮን ዶላር አበደረ። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ስለ አስተዳደር ውሎች ብዙ አንቀጾች አሉት። ከነዚህ አንዱ፥ ቁጥር 3177፥ መሥሪያ ቤቱ ግዴታውን ባይፈጽምም እንኳ፥ ጉድለቱ ሥራውን ፈጽሞ የማይቻል ካላደረገው በቀር ሥራ ተቋራጩ ሥራውን አያቁም ይላል። ነገሩ ያለ ምክንያት አይደለም፤ ድልድዩ በእንጥልጥል የቀረ እንደ ሆነ የሚጎዳው የሂሳብ ሹሙ ሳይሆን ቡናውን ይዞ ወንዝ ዳር የቆመው ገበሬ ነው። ነገር ግን እጁ በሕግ የታሰረ ሰው ጆሮ ፈጥኖ ሊሰጠው ይገባል፤ ሥራ አታቁም እየተባለ አቤቱታውም ዓመት ከተኛ፥ መንግሥት ያለ ወለድ ተበደረው ማለት ነው።

ይህ ሕግ ብዙ ነገር ከፈረንሳይ ወስዷል። በ1916 እ.ኤ.አ. የቦርዶ ከተማን በጋዝ ብርሃን የሚያበራው ኩባንያ፥ በጦርነቱ ምክንያት የድንጋይ ከሰል ዋጋ እጅግ ስለ ናረበት ከከተማው ጋር ተከራከረ። የአገሩ የመንግሥት ምክር ቤት ኩባንያው አገልግሎቱን እንዲቀጥል፥ ያልታሰበውን ኪሳራ ግን ብቻውን እንዳይሸከም ወሰነ። አሳቡ በእኛም ሕግ ውስጥ አለ።

አሁን አንድ የመቱ ሥራ ተቋራጭ አለ እንበል። የሞላውን አፈር ዝናብ አጠበበት፤ እንደ ገና ሞላው። እርሱ ሁለት ጊዜ ሠራሁ ይላል፤ መሐንዲሱ አንድ ጊዜ ብቻ ለካሁ ይላል። መሐንዲሱ ደመወዙን የሚቀበለው ከባለ ሥራው ነው። በዓለም የታወቀው የመሐንዲሶች ማኅበር የውል አርአያም ለብዙ ዘመን የመጀመሪያውን ዳኝነት ለዚሁ መሐንዲስ ሰጥቶ ነበር፤ በ1999 እ.ኤ.አ. ዕትሙ ግን ከርሱ ወስዶ ለገለልተኛ ቦርድ አስረከበው።

የመቱው ሰው የሚለምነው ብዙ አይደለም፤ ልኬቱ እርሱ ባለበት እንዲደረግ፥ ሰነዱን እንዲያይ፥ «አይከፈልህም» ከተባለም ምክንያቱ በጽሑፍ እንዲሰጠውና ያንን ምክንያት ከጻፈው ሰው ሌላ የሆነ ሰው እንዲመረምረው ነው። ይህም ሁሉ የበጀት ዓመቱ ሰኔ 30 ቀን ሳይዘጋ መሆን አለበት፤ በኢሉባቦር ሰኔ ደግሞ ዝናቡ የሚበረታበት፥ የቀን ሠራተኞቹም ደመወዛቸውን ተቀብለው ወደየቤታቸው ለመግባት የሚቸኩሉበት ወር ነው።