ከካሜራው ጀርባ የነበረው ሰው

በጥቅምት 1977 ዓ.ም. የኮረምን ረሃብ ለዓለም የነገረው ማን ነው ቢባል፣ ብዙ ሰው የሚጠራው የቢቢሲውን ጋዜጠኛ ማይክል በርክን ነው። ምስሉን የቀረጸው ግን ሞሐመድ አሚን የተባለ ኬንያዊ ነው። በእኔ አስተያየት የዚያ ዘገባ ጉልበት ከቃሉ ይልቅ በምስሉ ላይ ነበር።

አሚን በ1935 ዓ.ም. ናይሮቢ ውስጥ ከእስያውያን ወላጆች ተወለደ። ገና በወጣትነቱ ካሜራፒክስ የተባለውን ድርጅት አቋቋመ፤ በ1956 የዛንዚባርን አብዮት ቀረጸ፤ ከዚያም የአፍሪካን ግርግር ሲከተል ኖረ።

ኮረም የደረሰው ደርግ የአብዮቱን 10ኛ ዓመት በድግስ አክብሮ፣ ኢሠፓን መሥርቶ ወር አለፍ ሲለው ነበር። ፊልሙን ደጋግሜ አይቼዋለሁ። ንጋት ነው። በሜዳው ላይ ቡትቶ የተከናነበ ሕዝብ ተኮልኩሏል። ካሜራው አይቸኩልም፤ ከአንዱ ፊት ወደ ሌላው ቀስ እያለ ያልፋል፤ በጨርቅ የተጠቀለለ ሬሳ ላይም ይቆማል። ጥቅምት 13 ቀን ከታየ በኋላ እርዳታው ጎረፈ፤ ሐምሌ 6 ቀን የላይቭ ኤይድ ኮንሰርት ተደረገ። ውለታው አይካድም። ሆኖም አንድ ነገር ይቆረቁረኛል፦ ስለ ረሃቡ የሚናገሩት ጋዜጠኛውና የውጭ አገር ሐኪም እንጂ ተራቢዎቹ አይደሉም። አገራችን በባዕድ ዐይን ለረጅም ጊዜ ያ ስም የለሽ ፊት ሆና ቀረች። (ጥፋቱ የካሜራው ብቻ ነው ለማለት ግን አልደፍርም፤ እኛስ መቼ ጠየቅናቸው?)

ኢሕአዴግ አዲስ አበባ በገባ በሳምንቱ፣ ግንቦት 27 ቀን 1983፣ የጥይት መጋዘን ፈነዳ። አሚን ሲቀርጽ ሌላ ፍንዳታ ተከተለ። የድምፅ ባለሙያው ጆን ማታይ ሞተ፤ አሚን ግራ እጁን አጣ። በሰው ሠራሽ እጅ ወደ ሥራው ተመለሰ። የአየር መንገዳችንን መጽሔት «ሰላምታ»ንም ያሳትም የነበረው የእሱ ካሜራፒክስ ነው።

ኅዳር 14 ቀን 1989 ከቦሌ ወደ ናይሮቢ ሲመለስ የተሳፈረበት ቦይንግ 767 ተጠለፈ። ነዳጁ አልቆ ኮሞሮስ ባሕር ላይ ሲወድቅ ከ175ቱ ሰዎች 125ቱ አለቁ፤ አሚንም አብሮ ሞተ። በመጨረሻዎቹ ደቂቃዎች ቆሞ ከጠላፊዎቹ ጋር ይከራከር እንደነበር ተነግሯል። የአውሮፕላኑን አወዳደቅ ያሳየንን ፊልም የቀረጸው ደግሞ ለእረፍት ባሕር ዳር የተገኘ አንድ አገር ጎብኚ ነው።