ድምፃቸው ቀርቶ ተውኔታቸው ያለፈ

ከሮቤ ወደ ሶፍ ዑመር ዋሻ በሚወስደው ጎዳና ላይ በምትገኘው በጎሮ፣ ስንዴው ታጭዶና ተወቅቶ ጎተራ በሚገባበት ወራት፣ ከአንድ ሻይ ቤት ራዲዮ የወይዘሮ አስናቀች ወርቁ ክራር ሲሰማ፣ ጆንያ የተሸከመው ሰው እንኳ ሸክሙን ሳያወርድ ደጃፉ ላይ ቆሞ ያዳምጥ እንደ ነበር ከልጅነቴ አስታውሳለሁ። ዳሩ ግን የዚያ ድምፅ ባለቤት በኢትዮጵያ መድረክ የመጀመሪያዋ ሴት ተዋናይ ተብለው የሚጠሩ መሆናቸውን በዚያን ጊዜ የነገረኝ ሰው አልነበረም።

ተውኔት በአገራችን ሲጀመር መከራ ያልተለየው ጥበብ ነበር። በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም የአውሬዎችን ተረት መሠረት አድርገው የደረሱት ኮሜዲያ በንግሥት ዘውዲቱ ዘመን ታገደ። ኋላም በወልወል ግጭት ሰበብ የጣሊያን ጦርነት ባንዣበበበት በ1927 ዓ.ም.፣ መኰንን ሀብተ ወልድ የመሠረቱት የሀገር ፍቅር ማኅበር ሕዝቡን ለነጻነቱ ለማነሣሣት በዜማና በቅኔ ተነሣ፤ ጠላት አገሪቱን በያዘ ጊዜ ተቋርጦ፣ ከድል በኋላ እንደገና ቆመ። በዚያ ሁሉ ዘመን ግን የሴት ገጸ ባሕርይ በተውኔቱ ሲኖር፣ ወንድ ተዋናይ ጢሙን ተላጭቶ፣ ሻሹን አስሮ፣ ነጠላውን አጣፍቶና ድምፁን አቅጥኖ ይወጣ ነበር፤ ምክንያቱም በሕዝብ ፊት የሚያዜም ሰው «አዝማሪ» እየተባለ በሚናቅበት ዘመን፣ ሴት ልጅ መድረክ ላይ መቆሟ ለቤተ ዘመድ ነውር፣ ለራሷም የማይፋቅ ስም ሆኖ ይቈጠር ነበርና።

ወይዘሮ አስናቀች በ1940ዎቹ አጋማሽ «የፍቅር ጮራ» በተባለው ተውኔት ወጥተው ያን ነውር በራሳቸው ላይ ተሸከሙ። የንጉሠ ነገሥቱ 25ኛ ዓመት የዘውድ በዓል ሲከበር፣ በ1948 ዓ.ም. የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፣ የዛሬው ብሔራዊ ቴአትር፣ ተከፈተ፤ የሙዚቃው ክፍል በመጀመሪያ የተሰጠው ለኦስትሪያዊው ለፍራንዝ ዘልቬከር ነበር። በዚህም ቤት ወይዘሮ አስናቀች ከክራራቸው ጋር ብዙ ዘመን አገለገሉ።

ከዚህ ጥቂት ዓመታት ቀደም ብሎ፣ የዘልቬከርን ቋንቋ በሚናገረው አገር፣ በጀርመን፣ የሆነውን ስመለከት ልቤ ያዝናል። በናዚ አገዛዝ፣ እንደ ፈረንጅ አቈጣጠር ከ1933 እስከ 1945 ባለው ጊዜ፣ ከ1,000 የሚበልጡ ፊልሞች ተሠርተዋል። ክሪስቲና ሶደርባውምን የመሰሉት ስመ ጥር ተዋንያት ቀርተው፣ ትሪ ይዛ ገብታ ሁለት ቃል ተናግራ የምትወጣ፣ ስሟን ማንም የማያነሣው ተዋናይት እንኳ በፊልሙ ላይ ሳቋና አረማመዷ አልጠፋም። የዚያ ሲኒማ ብዙው ክፍል የክፉ መንግሥት አገልጋይ ነበርና ልናከብረው አይገባም፤ ነገር ግን ፊልሙ ስለ ቀረ ተዋናይቱ ለበጎም ሆነ ለክፉ ትመረመራለች፣ ይፈረድላታል ወይም ይፈረድባታል። ወይዘሮ አስናቀች ግን በመጀመሪያው ምሽት መድረኩን እንዴት እንደ ረገጡት፣ እጃቸውን ወዴት እንደ ዘረጉ፣ ተመልካቹ ዝም ይበል ወይም ያጉረምርም የምናይበት ፊልም የለንም። ክራራቸው ግን በሸክላ ተቀርጾ ስለ ቀረ፣ ከብዙ ዓመት በኋላ የውጭ አገር አሳታሚ «የክራሯ እመቤት» ብሎ ኢትዮፒክስ በተባለው ተከታታይ የሙዚቃ አልበም 16ኛ ቅጽ ለዓለም አሰማው። ስለዚህ ዓለም የሚያውቃቸው በግማሽ ነው፤ ያም ግማሽ፣ እጅግ የተወደደ ቢሆንም፣ ለእኅቶቻቸው በር የከፈቱበት ግማሽ አይደለም።

ወይዘሮ አስናቀች በመስከረም 2004 ዓ.ም. ዐረፉ። በመጀመሪያው ምሽት በአዳራሹ ተቀምጠው ካዩአቸው ሰዎች በሕይወት ያሉት ዛሬ በዕድሜ የገፉ አረጋውያን ናቸው። አንባቢ ሆይ፣ በቤትህ ወይም በጎረቤትህ ከእነርሱ አንዱ በሕይወት ካለ፣ መጋረጃው ሲገለጥ ያየውን ዛሬውኑ ጠይቀህ ጻፍልን።