የምስክር ቃልና የበላይ ፍርድ ቤት፦ ከዙፋን ችሎት እስከ ሰበር

በኢትዮጵያ የፍትሐ ብሔር ክርክር፣ ማለትም በርስት፣ በውርስ፣ በውልና በመሳሰሉት የግል መብቶች ላይ በሚነሣ ሙግት፣ የበላይ ዳኛ የበታቹ ዳኛ ምስክር የሰማበትን መንገድ መመርመሩ የቆየ ልማድ ነው፤ የሚመረምረው ነገር ግን በአንድ ምዕተ ዓመት ውስጥ ከሰው አንደበት ወደ መዝገብ ተለውጧል።

በጥንቱ ሙግት ተሟጋቾች «ተጠየቅ» እና «በላ ልበልሃ» በሚባሉት የክርክር ወጎች ፊት ለፊት እየተሟገቱ ጭብጡን ራሳቸው ያወጡ ነበር፤ ተቃራኒው ወገንም የተቆጠረበትን ምስክር በጠብ ወይም በዝምድና ምክንያት ሊነቅፈው ይችል ነበር። ከዓረብኛ ወደ ግእዝ የተመለሰው ፍትሐ ነገሥትም ነገር በሁለት ወይም በሦስት ምስክር እንዲጸና የሚለውን የመጽሐፍ ቅዱስ ሥርዓት አጽንቷል። በችሎቱ ተሰያሚዎች አስተያየታቸውን የሚሰጡት ከዝቅተኛው ማዕረግ ጀምሮ ወደ ላይ ሲሆን፣ የመጨረሻውን ቃል የሚናገረው የሁሉ የበላይ ስለነበረ፣ ቁጥጥሩ በዚያው በአንድ ችሎት፣ ሁሉም እየሰማ ይፈጸም ነበር። ነገሩ በይግባኝ ወደ አፈ ንጉሡ፣ ማለትም በንጉሡ ስም ወደሚፈርደው ዋና ዳኛ፣ ከዚያም ንጉሡ ራሱ ወደሚሰየምበት ዙፋን ችሎት ሲደርስ በአመዛኙ በቃል እንደ አዲስ ይነገር ነበር። ይህ ሥርዓት ለእውነት ቅርብ ነበር ቢባል ማጋነን አይሆንም፤ ሸክሙ የከበደው ግን ከሩቅ አገር ለሚመጣው ድሃ ነበር።

ዳግማዊ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሚኒስትሮችን ሲሾሙ የፍርዱን ሥራ ለአፈ ንጉሥ ነሲቡ መስቀሎ ሰጡ። ከጣልያን ወረራ በኋላ የወጣው የ1934ቱ አዋጅ ፍርድ ቤቶችን በደረጃ አደራጀ፤ የእንግሊዝ ዳኞችም በችሎቶቹ ተሰየሙ።

ትልቁ ለውጥ በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ነው። ብዙ ድንጋጌዎቹ ከ1908 እ.ኤ.አ. የሕንድ ሕግ የተቀዱት ይህ ሕግ፣ ምስክሩን የጠራው ወገን በዋና ጥያቄ፣ ተቃራኒው በመስቀለኛ ጥያቄ፣ የጠራው ደግሞ በድጋሚ ጥያቄ እንዲመረምሩት ሲያዝዝ፣ በአንቀጽ 263 መልሱን በውስጡ የያዘውን መሪ ጥያቄ በዋናው ምርመራ ላይ ገድቧል። ቃሉ ተጽፎ ከመዝገብ ስለሚያያዝ፣ ይግባኝ ሰሚው ምስክሩን ሳያይ በጽሑፉ ይመዝናል፤ የምስክሩን ፊትና መንተባተብ ያየው የሥር ዳኛ ብቻ ነው። በአንቀጽ 320 ንዑስ አንቀጽ 3 መሠረት ማስረጃ ይሰማ ወይም አይሰማ በሚል በክርክሩ መካከል በሚሰጥ ትእዛዝ ላይ ወዲያው ይግባኝ አይባልም፤ ቅሬታው ከመጨረሻው ፍርድ ጋር ይቀርባል። ይህ ክርክር እንዳይቆራረጥ የሚበጅ ቢሆንም፣ ያላግባብ የታለፈ ምስክር ጉዳይ ከዓመታት በኋላ ሲነሣ ምስክሩ በሕይወት ላይኖር ይችላል። አንቀጽ 345 መሰማት የሚገባውን ማስረጃ የሥር ፍርድ ቤት ሳይቀበለው ሲቀር ይግባኝ ሰሚው ራሱ እንዲሰማ የሚፈቅደው ለእንዲህ ያለው ጉዳት ነው፤ ዋጋውም ከሌሎቹ ሁሉ ይበልጣል።

በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 80 የተቋቋመው የሰበር ሥልጣን፣ ይኸውም የመጨረሻ ውሳኔን መሠረታዊ የሕግ ስህተት ካለበት የማረም ሥልጣን፣ የምስክርን ክብደት እንደገና አይመዝንም፤ በ1997 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ቁጥር 454 ግን የፌዴራል ሰበር የሚሰጠው የሕግ ትርጉም በየደረጃው ያሉ ፍርድ ቤቶችን የሚያስገድድ ሆኗል። የፍትሐ ብሔር ማስረጃን ጠቅልሎ የሚገዛ ራሱን የቻለ ሕግ በሌለበት፣ ደንቦቹም በፍትሐ ብሔር ሕጉና በሥነ ሥርዓቱ ውስጥ ተበታትነው በሚገኙበት አገር፣ ይህን ክፍተት ለችሎት ትርጉም ብቻ መተው በቂ አይደለምና ሕግ አውጪው የማስረጃውን ሕግ ሊያወጣ ይገባል።